የመኪና የፊት መብራት፦ ብርሃን መጨመርና አጥርቶ ማየት ለምን አንድ አይደሉም?

(በፋኩልቲያችን የሕዝብ ገለጻ መርሐ ግብር ላይ የቀረበ ንግግር ሙሉ ቃል)



 ርዕሱ ከዩኒቨርሲቲ አዳራሽ ይልቅ ለጋራዥ የሚገባ የሚመስላችሁ ሳትኖሩ አትቀሩም። እኔ ግን የብርሃን ሳይንስ፣ የኤሌክትሪክ ዑደት፣ የቁሳቁስ ጥናት፣ የዓይን ባሕርይና ሕግ በዚህን ያህል የሚቆራኙበት ሌላ የመኪና ክፍል አላውቅም።

ለብዙ ዓመታት ከተማሪም፣ ከጎረቤትም፣ ከዘመድም የሚቀርብልኝ ጥያቄ አንድ ነው፤ «ዶክተር፣ የትኛው አምፖል ነው ይበልጥ የሚያበራው?» የሚል። ጥያቄው ቅን ነው፤ አነሣሡ ግን የተሳሳተ ነው። የፊት መብራት እንደ ቤት አምፖል ብርሃን የሚረጭ ዕቃ አይደለም፤ ብርሃንን የሚያከፋፍል መሣሪያ ነው። ብርሃኑ የት መድረስ እንዳለበት ብቻ ሳይሆን የት መድረስ እንደሌለበትም አስቀድሞ ተሰልቶ የተሠራ ነው። ዛሬ ላስረዳ የምፈልገው ሁለት ነገር ነው። አንደኛ፣ «መብራቴ ደከመ» የሚባለው መኪና ብዙውን ጊዜ ችግሩ አምፖሉ ላይ አይደለም። ሁለተኛ፣ ይህን ስሌት ሳያገናዝቡ ብርቱ አምፖል መግጠም ከፊት ለፊት የሚመጣውን ሰው ዕይታ ወስዶ ለራስ እንደ መጨመር ነው፤ ለራስ የሚጨመረውም ከሚገመተው እጅግ ያነሰ ነው።

ነገሩ የቅንጦት አለመሆኑን ከአዲስ አበባ ወጣ ብሎ በምሽት የነዳ ሁሉ ያውቃል። መንገዱን የምንጋራው ከእግረኛ፣ ከከብት፣ አንጸባራቂ ከሌለው ጋሪ፣ ተበላሽቶ ከኋላው ድንጋይ ብቻ ከተደረደረለት የጭነት መኪና ጋር ነው። በነገራችን ላይ፣ ነጭ ጋቢ የደረበ ገበሬ ጥቁር ጃኬት ከለበሰ የከተማ ወጣት ይልቅ ቀድሞ ይታያል። ነጭ ጨርቅ ካረፈበት ብርሃን አብዛኛውን ሲመልስ፣ ጥቁሩ የሚመልሰው ከአሥር አንድ እጅ እንኳ አይሞላም።

አሁን ወደ መሣሪያው እንግባ። በአገራችን ብዙ አሮጌ አውቶሞቢሎችና ሚኒባሶች የሚጠቀሙበትን ኤች 4 የተባለውን የሃሎጅን አምፖል እንውሰድ። ይህ አምፖል በአውሮፓ ከ1971 ጀምሮ የተሠራጨ ነው (ዓመታቱን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጠራለሁ፤ የእኛን ስጠቅስ እናገራለሁ)። በውስጡ ሁለት ክሮች አሉት፤ አንዱ ለረጅም መብራት 60 ዋት፣ ሌላው ለአጭር መብራት 55 ዋት። ከኋላው ያለው አንጸባራቂ ሳህን የፓራቦላ ቅርጽ አለው። ፓራቦላ እንደምታውቁት ከትኩረት ነጥቡ የተነሣውን ብርሃን ትይዩ አድርጎ ወደ ፊት ይሰድዳል። የረጅም መብራቱ ክር እዚያ ነጥብ አካባቢ ይቀመጣል። የአጭር መብራቱ ክር ግን ሆን ተብሎ ከነጥቡ ወደ ፊት ፈቀቅ ብሏል፤ ከሥሩም እንደ ማንኪያ ያለች ትንሽ የብረት ጽዋ ተደርጋለታለች። ክሩ ወደ ፊት ፈቀቅ በማለቱ ከሳህኑ የላይኛው ግማሽ የሚመለሰው ብርሃን ወደ መሬት ያዘነብላል። ከታችኛው ግማሽ የሚመለሰው ግን ወደ ሰማይና ወደ መጪው ነጂ ዓይን ይወጣ ነበር፤ ጽዋዋ እርሱን ትከለክላለች። አጭር መብራት ግድግዳ ላይ ሲያርፍ ከላይ ጨለማ፣ ከታች ብርሃን ሆኖ በስለታም መስመር የሚቆረጠው በዚህ ምክንያት ነው። መስመሩን «የወሰን መስመር» እያልኩ እቀጥላለሁ።

የዚህ አሠራር ትክክለኛነት ምን ያህል እንደሆነ በአንድ ቀላል ስሌት ላሳያችሁ። የትኩረት ርቀቱ 25 ሚሊሜትር የሆነ ሳህን እንውሰድ። የብርሃኑ ምንጭ ከቦታው 1 ሚሊሜትር ወደ ታች ወይም ወደ ላይ ቢዛነፍ ጨረሩ በ1 ሃያ አምስተኛ፣ ማለትም በ4 በመቶ ያዘነብላል። ይህም በ25 ሜትር ርቀት ላይ የአንድ ሜትር ልዩነት ነው። በአንድ ሚሊሜትር ስሕተት የመንገዱ ብርሃን የመጪው ነጂ ፊት ላይ ያርፋል ማለት ነው። የአምፖሉ መቀመጫ ሦስት ጆሮዎች ያሉት፣ አንዱም ከሌሎቹ ሰፋ ያለው፣ ተገልብጦ ወይም ዞሮ እንዳይገባ ነው። ጆሮው አልገባ ሲል በፒንሳ አጣሞ የሚያስገባ ሠራተኛ አይቻለሁ። አምፖሉ በራ፤ መብራቱ ግን የፊት መብራት መሆኑ አበቃ።

የወሰን መስመሩ ቀጥ ያለ ብቻ አይደለም። በቀኝ በሚነዳበት አገር፣ መስመሩ በግራ በኩል ዝቅና አግድም ሆኖ፣ በቀኝ በኩል ወደ ላይ ከፍ ይላል። የራስን ጠርዝና በዚያ የሚሄደውን እግረኛ አርቆ እንዲያሳይ፣ በግራ የሚመጣውን ነጂ ግን እንዲተወው ነው። በግራ በሚነዳበት አገር ተቃራኒው ነው። ኢትዮጵያ በ1964 ከግራ ወደ ቀኝ ተዛውራለች፤ ከሞያሌ ማዶ ኬንያ ግን ዛሬም በግራ ትነዳለች። እንግዲህ ለግራ አገር የተሠራ መኪና መሪው ተዛውሮ ሲገባ መብራቱ ካልተለወጠ፣ ከፍ የሚለው የብርሃን ክንፍ በቀጥታ በመጪው ነጂ ዓይን ላይ ይዘረጋል። አምፖሉ ምንም ቢሆን፣ ምንም ያህል ቢስተካከል ይህ አይታረምም፤ ሙሉ መብራቱ መለወጥ አለበት። ለመለየት ቀላል ነው። በአውሮፓ ደንብ የተመዘገበ መብራት መስታወቱ ላይ በክብ ውስጥ «ኢ» የሚል ፊደልና ቁጥር አለው። በአጠገቡ ቀስት ከሌለ ለቀኝ መንገድ ነው፤ ፊት ለፊት ቆሞ ለሚያየው ወደ ቀኝ የሚያመለክት ቀስት ካለበት ለግራ መንገድ ነው፤ ባለ ሁለት ጫፍ ቀስት ከሆነ ለሁለቱም ይስተካከላል። ሶማሌ ተራ ሄዳችሁ ያገለገለ መብራት ስትገዙ መጀመሪያ ዋጋውን ሳይሆን ይህን ቀስት ተመልከቱ።

የብልሽት ፍለጋን ምዕራፍ ዛሬ ሰፋ አድርጌ የማየው ነው፤ ገንዘብ በከንቱ የሚፈሰው እዚህ ላይ ነውና። የክር አምፖል ብርሃን ከቮልቴጁ ጋር እኩል አይወርድም። በግምት በ3.4 ከፍታ ነው የሚለዋወጠው። መለኪያ ቮልቴጁ 13.2 ነው እንበል። አምፖሉ ጋ 12.0 ቮልት ብቻ ቢደርስ ቮልቴጁ የቀነሰው 9 በመቶ ነው፤ ብርሃኑ ግን 28 በመቶ ቀንሷል። 11.5 ቢሆን የሚቀረው 63 በመቶ ገደማ ነው። የዕድሜው ነገር ደግሞ ከዚህ ይብሳል። የአምፖል ዕድሜ በግምት ከቮልቴጁ አሥራ ሦስተኛ ከፍታ ጋር በተቃራኒ ይሄዳልና፣ ቮልቴጁ 5 በመቶ ብቻ ቢበልጥ ዕድሜው በግማሽ ያህል ያጥራል። በየወሩ አምፖል የሚያቃጥል መኪና ያለው ሰው የአምፖሉን ፋብሪካ ከመርገሙ በፊት ሞተሩ እየሠራ የባትሪውን ቮልቴጅ ያስለካ። ከ14.5 በእጅጉ የሚያልፍ ከሆነ ጥፋቱ የዲናሞው ተቆጣጣሪ ነው።

ባለፈው ዓመት አንድ ባልደረባችን የአሥራ አምስት ዓመት አውቶሞቢሉን ይዞ መጣ። አምፖል ሦስት ጊዜ አስለውጧል፤ መብራቱ አሁንም ሻማ ነው። ሞተሩ እየሠራ፣ መብራቱም በርቶ ሳለ ባትሪው ላይ 13.9 ቮልት ለካን። አምፖሉ ሁለት ጫፎች ላይ ስንለካ 11.4 ሆነ። ስሌቱን በቦታው ሠራነው፤ አምፖሉ ይሰጥ ከነበረው ብርሃን የቀረው 61 በመቶ ነበር። ሁለት ቮልት ተኩል የት ገባ? አንዱን የመለኪያ ጫፍ በባትሪው አሉታዊ፣ ሌላውን በአምፖሉ የግራውንድ ሽቦ ላይ ስናደርግ 1.3 ቮልት አገኘን። ሽቦው ከአካሉ ጋር የታሰረበት ብሎን ዝጎ ነበር። የቀረው 1.2 በማብሪያው ማጥፊያና በአንድ በጠቆረ መሰኪያ መካከል ተከፋፍሎ ተገኘ። ብሎኑን በብረት ብሩሽ አጽድተን፣ መሰኪያውን ለውጠን፣ ዋጋው ከአንድ አምፖል ባነሰ ወጪ አዲስ መኪና የገዛ መሰለው።

ተማሪዎች፣ እዚህ ላይ አንድ ነገር በደንብ ያዙልኝ፤ መለካት ያለበት መብራቱ በርቶ ነው። መሰኪያውን ነቅሎ የመለኪያውን ጫፍ ቢያስገቡበት 12 ቮልት ተኩል ያሳያል፤ «ኮረንቱ ደርሷል» ተብሎም ይፈረድለታል። ከረንት ሳይፈስ በሬዚስታንስ ላይ የሚወርድ ቮልቴጅ የለም፤ ኦም የሰጠን ሕግ ይህ ነው። 0.2 ኦም የሆነ ዝገት ያለ ጭነት አይታይም፤ 4.6 አምፔር ሲያልፍበት ግን ወደ አንድ ቮልት ይበላል። ከባትሪ እስከ አምፖል ባለው መንገድ ከግማሽ ቮልት በላይ ከጠፋ መንገዱ መመርመር አለበት።

ግራውንዱ ጨርሶ ሲቋረጥ ደግሞ እንቆቅልሽ የሚመስል ነገር ይመጣል። አጭር መብራት ሲበራ በአንድ ወገን ሁለቱም ክሮች ደብዘዝ ብለው ይበራሉ፤ አንዳንዴም ፍሬቻ ሲያበሩ የፊት መብራቱ አብሮ ጥቅሻ ይጀምራል። ከረንቱ መመለሻ ሲያጣ በሌላው ክር በኩል ዞሮ፣ በሌላኛው ወገን አምፖል አልፎ ወደ አካሉ ይመለሳል። ክሮቹ ተከታትለው የተያያዙ ስለሚሆኑ ሁሉም ይደክማሉ። ይህን ምልክት ያየ ሰው ፊውዝም አምፖልም አይግዛ፤ ግራውንዱን ይፈልግ።

የቀረውን በአጭሩ ልለፈው። አንድ ወገን ብቻ ከጠፋ አምፖሉን ከደህናው ወገን ጋር አለዋውጡ፤ ብልሽቱ አምፖሉን ተከትሎ ከሄደ መልሱ ተገኘ። ብዙ መኪናዎች ለግራና ለቀኝ የተለያየ ፊውዝ ስላላቸው አንዱ ፊውዝ ሁለቱን አያጠፋም። ሁለቱም በአንድ ጊዜ ከጠፉ ሪሌው፣ ማጥፊያው ወይም የጋራ መሥመሩ ይጠረጠራል። «በአንድ ጊዜ ጠፉ» የሚለውን ቃል ግን በጥንቃቄ ስሙት፤ ብዙ ነጂ አንዱ ከጠፋ ሳምንት እንዳለፈው አያውቅም። በብዙ ቶዮታዎች ደግሞ አዎንታዊው ሽቦ ሁልጊዜ ለሁለቱ ክሮች በጋራ ደርሶ፣ ማጥፊያው የሚዘጋው የግራውንዱን ወገን ነው። ይህን የማያውቅ ሠራተኛ በአውሮፓ መኪና ልማድ ሪሌ ሲጨምር ዑደቱን ያቃጥላል።

አምፖል ስለ መለወጥ የሚባለው ጥቂት ነው። የሃሎጅን አምፖል ብርጭቆ ኳርትዝ ነው፤ ሲሠራም በመቶዎች የሚቆጠር ዲግሪ ይሞቃል። በጣት የተተወ ላብና ቅባት በዚያ ሙቀት ብርጭቆውን ያነጫጨዋል፤ እዚያው ይሰነጠቃል ወይም ያብጣል። ስለዚህ በንጹሕ ጨርቅ ይያዝ፤ ከተነካ በአልኮል ይጠረግ። ሁለቱን ወገን አንድ ላይ መለወጥ ይመረጣል፤ አሮጌውና አዲሱ እኩል ላያበሩ ይችላሉና። ዋቱንም ከፍ አታድርጉ። 100 ዋት የሚል አምፖል ከ8 አምፔር በላይ ይስባል፤ ለ55 ዋት የተሠራው መሰኪያና ሽቦ ሲቀልጥ አይቻለሁ፤ የፕላስቲኩ አንጸባራቂም ሽፋኑ ይላጣል።

ከአምፖሉ በፊት ግን መስታወቱን እዩት። መስታወት እንለዋለን እንጂ ዛሬ አብዛኛው ፖሊካርቦኔት ነው። ፖሊካርቦኔት ድንጋይ ይችላል፤ የፀሐይን አልትራቫዮሌት ግን አይችልም። የሚጠብቀው በላዩ የተቀባ ስስ ሽፋን ነው። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ናት፤ ከፍታ ሲጨምር አልትራቫዮሌቱም ይበረታል፤ መኪኖቻችንም ቀኑን ሙሉ ሜዳ ላይ ይውላሉ። ቢጫ የሆነ መስታወት ሁለት ጉዳት አለው። ብርሃን ያስቀራል፤ ያሳለፈውንም ይበትነዋል። የተበተነው ደግሞ ከወሰን መስመሩ በላይ ይወጣል። ለራሱ ደካማ፣ ለሌላው አንጸባራቂ የሆነ መብራት ማለት ይህ ነው።

በከተማችን በጥርስ ሳሙና የማጽዳት ልማድ አለ። ሳሙናው ውስጥ ያለው ስስ ፈጋፊ ዱቄት እውነትም ያጠራዋል። ነገር ግን የቀረችውን መከላከያ ሽፋንም አብሮ ስለሚያነሣ በጥቂት ወራት ወደ ነበረበት ይመለሳል። በወጉ ሲሠራ፣ በውሃ በራሰ የብርጭቆ ወረቀት ከ800 ወይም ከ1000 ቁጥር ተጀምሮ በ2000 እና በ3000 ይለሰልሳል፣ ይወለወላል፣ በመጨረሻም አልትራቫዮሌት የሚከላከል ጥርት ያለ ቀለም ይቀባል። የመጨረሻውን ደረጃ የዘለለ ሥራ የገንዘብ ብክነት ነው።

መብራቱ ጠርቶ፣ ቮልቴጁም ሞልቶ ከሆነ የሚቀረው አቅጣጫው ነው። መብራታቸው ከመሬት ከ80 ሴንቲሜትር በታች ለሆነ ተራ አውቶሞቢሎች የተለመደው ዝንባሌ ከ1 በመቶ እስከ 1.5 በመቶ ነው፤ ትክክለኛው ቁጥር ብዙ ጊዜ በመብራቱ አጠገብ በምልክት ይጻፋል። 1 በመቶ ማለት በ10 ሜትር 10 ሴንቲሜትር መውረድ ነው። መብራቱ በ65 ሴንቲሜትር ከፍታ ላይ ካለ የወሰን መስመሩ መንገዱን የሚነካው በ65 ሜትር ርቀት ላይ ነው። አሁን በሰዓት 80 ኪሎሜትር የሚነዳ ሰው አስቡ፤ በሰከንድ 22 ሜትር ይጓዛል። ለማስተዋልና ፍሬን ለመርገጥ አንድ ሰከንድ ተኩል ቢፈጅበት 33 ሜትር፣ በደረቅ አስፋልት ለመቆም ደግሞ 35 ሜትር ያህል ይሄዳል፤ ድምሩ 68 ነው። ሁሉም ነገር በተስተካከለ መኪና እንኳ በአጭር መብራት 80 መንዳት በብርሃኑ ጫፍ ላይ መንዳት ነው። የወሰን መስመሩ ወደ 2 በመቶ የወረደበት ሰው ደግሞ ብርሃኑ በ33 ሜትር ያልቅበታል፤ ፍሬን ሳይረግጥ ብርሃኑን ጨርሶታል።

ወደ ላይ ሲሆን ደግሞ ሌላው ይጎዳል። ከኋላ ሦስት ሰው ተቀምጦ፣ ዕቃ ተጭኖ፣ የመኪናው ጅራት 4 ሴንቲሜትር ቢወርድ፣ በጎማዎቹ መካከል 2.5 ሜትር ካለ ዝንባሌው በ1.6 በመቶ ይለወጣል። ከ1 በመቶ ቁልቁል የነበረው 0.6 በመቶ ሽቅብ ሆነ ማለት ነው። በ100 ሜትር ላይ የወሰን መስመሩ 125 ሴንቲሜትር ይደርሳል፤ በትንሽ አውቶሞቢል የተቀመጠ ነጂ ዓይን ደግሞ ከዚህ በታች ነው። በመሪው አጠገብ ከ0 እስከ 3 የተጻፈባት ትንሽ መዞሪያ ለዚህ የተሠራች ናት። ጭነት ሲኖር ወደ ከፍተኛው ቁጥር ትዞራለች፤ መብራቱም ይወርዳል። ብዙ ሰው መኪናውን እስኪሸጥ ድረስ አይነካትም።

ስለ ማሻሻል እንነጋገር፤ ብዙዎቻችሁ የመጣችሁትም ለዚህ እንደሆነ እገምታለሁ። ዜኖን የሚባለው መብራት በ1991 በቢኤምደብልዩ 7 ተከታታይ ወጣ። በ35 ዋት 3,200 ሉመን ያህል ይሰጣል፤ የኤች 4 አጭር መብራት 1,000 ገደማ ነው። የአውሮፓ ደንብ ግን ምንጩ ከ2,000 ሉመን ሲያልፍ መብራቱ በጭነቱ መጠን ራሱን በራሱ እንዲያስተካክልና የመስታወት ማጠቢያ እንዲኖረው ያስገድዳል። ደንቡ የከለከለው ብርቱነትን አይደለም፤ ያልተገራ ብርቱነትን ነው። ኤልኢዲ ለአጭር መብራት በ2007 በሌክሰስ ኤልኤስ 600 ኤች ላይ ሲመጣም አንጸባራቂውና ሌንሱ ለእርሱ ተብለው ተነድፈው ነው።

በየሱቁ የሚሸጠው «ኤልኢዲ ኪት» ከዚህ ይለያል። የክር አምፖል ምንጩ 5 ሚሊሜትር ያህል ርዝመት ያለው ቀጭን ሲሊንደር ነው፤ ዙሪያውን ሁሉ ያበራል። ኪቱ በሁለት ጠፍጣፋ ገጽ ላይ የተለጠፉ ቺፖች ናቸው፤ በመካከላቸውም ውፍረት አለ። ያንን የአንድ ሚሊሜትር ስሌት አስታውሱ። ሳህኑ የተነደፈው በዚያ ቦታ፣ በዚያ ቅርጽ ለሚገኝ ክር ነው። ሌላ ቅርጽ ሲገባበት ብርሃኑ በቅርብ መንገዱ ላይ ይከማቻል፣ ሩቁ ይጠቁራል፣ ከወሰኑ በላይም ይፈስሳል። ነጂው «እጅግ በራልኝ» የሚለው ከፊቱ ያለው አስፋልት ስለ ነጣ ነው። ይህ ራሱ ጎጂ ነው፤ ቅርቡ ሲነጣ ዓይን ለብሩህ ይለምድና ሩቁን ጨለማ ማየት ይሳነዋል። ሁሉም ኪት አንድ ነው አልልም። በጀርመን በ2020 ለተወሰኑ የመኪና ዓይነቶች በስም ተለይተው፣ ተፈትነው የተፈቀዱ የኤልኢዲ ምትኮች አሉ። ፈቃዱ ግን ለአምፖሉ ብቻ ሳይሆን ለአምፖሉና ለመብራቱ ጥምረት ነው፤ ሐሳቡ ይህ ነው። መስታወታችሁ ላይ «ኤች-ሲ-አር» የሚል ካለ መብራቱ የተፈተነው በሃሎጅን ነው፤ «ዲ-ሲ-አር» ከሆነ በዜኖን ነው።

ለሌላው ነጂ ምን እንደሚሆን ደግሞ የዓይን ሳይንስ በግልጽ ያስቀምጠዋል። ብርቱ ብርሃን ዓይን ውስጥ ሲገባ ይበተንና በሚታየው ምስል ሁሉ ላይ እንደ ነጠላ የሚጋረድ መጋረጃ ይዘረጋል። የመጋረጃው ውፍረት ዓይን ላይ ከሚያርፈው ብርሃን ጋር እኩል ያድጋል፤ ብርሃኑ ከሚታየው ነገር በራቀበት ማዕዘን ካሬ ደግሞ ይቀንሳል። እንግዲህ መኪናው አጠገብ የሚሄደው እግረኛ፣ በማዕዘን ለመብራቱ ቅርብ የሆነው፣ በመጋረጃው በጣም የሚሸፈነው እርሱ ነው። ዕድሜ ሲጨምር የዓይን ሌንስ ይበልጥ ይበትናል። በእኔ ዕድሜ ያላችሁ ባልደረቦቼ ይህን ያለ ቀመርም ታውቁታላችሁ።

ታዲያ በአሮጌ መኪና ምን ይሻሻላል? መስታወቱን ማደስ፣ ግራውንዱንና መሰኪያውን ማጽዳት፣ በታወቀ ፋብሪካ የተሠራ 60/55 ዋት አምፖል መግጠም። እኔ በተለይ የማደንቀው ደግሞ ሪሌ መጨመር ነው። ከባትሪው ወፍራም ሽቦ በፊውዝ አልፎ በሪሌ በኩል ወደ አምፖሉ ይሄዳል፤ አሮጌው ማጥፊያ ሪሌውን ብቻ ያዝዛል። የጠፋው ቮልት ይመለሳል፤ የወሰን መስመሩ አይነካም። ከዚህ በላይ ለሚሻ ሰው ለኤልኢዲ የተነደፈ፣ ምልክቱ ያለበት፣ የራሱ አስተካካይ ያለው ሙሉ መብራት ከሁለቱም ወገን መግጠም ነው። በጣራ ላይ የሚደረደረው ፓውዛ ለእርሻና ለቁፋሮ ቦታ ጥሩ ነው፤ በሕዝብ መንገድ ላይ የማበራው ሰው ግን የወሰን መስመር የሚባል ነገር የሌለው መብራት ይዞ መጓዙን ይወቅ።

ስለ ቀለም አንድ ቃል፤ ተማሪዎች ሁልጊዜ ይጠይቁኛልና። በጣርማ በር ጭጋግ ቢጫ መብራት «ሰንጥቆ ይገባል» ይባላል። የጭጋግ ጠብታ ከብርሃን ሞገድ እጅግ ስለሚበልጥ ሁሉንም ቀለም በተቀራራቢ ይበትናል። ፈረንሳይ እስከ 1993 ድረስ ቢጫ መብራት ታስገድድ ነበር፤ ጥቅሙ ምናልባት ዓይንን አለማስጨነቁ ነው። በጭጋግ የሚረዳው ቀለሙ ሳይሆን መብራቱ ዝቅ ብሎ መቀመጡና ረጅሙን አለማብራት ነው። ሰማያዊ የተቀባ ሃሎጅን ደግሞ የሚሸጠው ነጭነትን ነው፤ ቅቡ ብርሃን ያስቀራል እንጂ አይጨምርም።

በ2016 ዓ.ም. (ይህ የእኛ አቆጣጠር ነው) የነዳጅ አውቶሞቢሎች እንዳይገቡ ከተከለከለ ወዲህ ወደ አገራችን የሚመጡት የኤሌክትሪክ መኪኖች ብዙዎቹ ሙሉ ኤልኢዲ ናቸው። እነዚህ አምፖል የሚለወጥባቸው አይደሉም፤ ቺፑ ወይም መቆጣጠሪያው ሲበላሽ ብዙ ጊዜ ሙሉ መብራቱ ይለወጣል። ለጥገና ባለሙያዎቻችን ይህ ከባድ ነገር ነው። መስታወቱን በሙቀት ከፍቶ ቺፕ መለወጥ የሚችሉ ወጣቶች ከወዲሁ ብቅ እያሉ ናቸው፤ ሙያቸውን አደንቃለሁ። ሥራቸው ሲጨረስ ሁለት ነገር እንዲፈትሹ ግን እመክራለሁ፤ ማሸጊያው ውሃ አለማስገባቱንና የወሰን መስመሩ ወደ ቦታው መመለሱን። ጠዋት የሚታይ ስስ ጤዛ መብራቱ ሲሞቅ ከጠፋ ችግር የለውም፤ ከታች የሚጠራቀም ውሃ ግን የማሸጊያ ጉድለት ነው።

ከወርክሾፑ ጀርባ ባለው ግድግዳ ላይ ከተማሪዎቼ ጋር መስመር አስምረናል፤ መሬቱ ልከኛ ነው፣ ርቀቱም 10 ሜትር ተለክቷል። መኪናችሁን ለመፈተሽ የምትፈልጉ የጎማችሁን ንፋስ አስለክታችሁ፣ ነጂው ተቀምጦ፣ የኋላው ባዶ ሆኖ፣ መዞሪያዋ 0 ላይ ሆና ኑ። የመብራቱን መካከል ከፍታ ግድግዳው ላይ እናመለክታለን፤ የወሰን መስመሩ ከዚያ 10 ሴንቲሜትር ዝቅ ብሎ፣ ማጠፊያው በመብራቱ ትክክል መውደቅ አለበት። ምልክታችሁ ሌላ ቁጥር የሚል ከሆነ በእርሱ እንሄዳለን። ማስተካከያ ብሎኖቹ ኮፈኑ ሲከፈት ከመብራቱ ጀርባ ይገኛሉ፤ ተራ የፊሊፕስ ካቻቢቴ ይበቃል።

ጥያቄ ያላችሁ አሁን እቀበላለሁ። ከፊት ካላችሁት እንጀምር።